የአራት ጣት ትርፍ

እትዬ ሜትር ስሟ አይደለም። ስሟ መታወቂያዋ ላይ ተጽፏል፣ እዚያው ይቀመጥላት። ሰፈሩ ይህን ያወጣላት ከጠዋት እስከ ማታ ሜትሩ ከአንገቷ ስለማይወርድ ነው። አንድ ጊዜ እንዲያውም ሜትሩን እንዳንጠለጠለች ለቅሶ ቤት ገብታ፣ ለቀስተኛው ሬሳውን ልትለካ የመጣች መስሎት ደነገጠ ይባላል። ውሸት ነው። ግን እሷን ለሚያውቅ ሰው ውሸቱ ያምርበታል፣ እሷም አንድ ቀን አስተባብላ አታውቅም።

ሰፊ ናት። ሱቋ መንገድ ዳር ያለች አንድ ክፍል ናት፣ ሁለት የስፌት መኪና አላት፤ አንዱ በእግር የሚረገጥ፣ አንዱ በእጅ የሚዞር። በቀኝ በኩል ባለው ግድግዳ የትምህርት ቤት ዩኒፎርም ተደርድሮ ተሰቅሏል፤ ሰማያዊ ቀሚስ፣ ሰማያዊ ሱሪ፣ ነጭ ኮሌታ። የግራውን ግድግዳ ግን እንግዳ ሰው ሲያየው ግር ይለዋል። ከካርቶን የተሠሩ ትንንሽ ወንበሮች አንዱ ባንዱ ላይ ተደራርበዋል፤ ቀበቶ አላቸው፣ የእግር መርገጫ አላቸው፣ እያንዳንዳቸው ላይ የአንድ ልጅ ልክ በእርሳስ ተጽፏል። እናቶች ልጆቻቸውን አዝለው ይመጣሉ። እትዬ ሜትር ልጁን ጠረጴዛ ጫፍ ላይ አስቀምጣ ትለካለች፣ ትጽፋለች። እናትየው "እንዲያድግበት ትንሽ ሰፋ አድርጊው" ያለች እንደሆነ ግን መቀሱን ቁጭ ታደርገዋለች።

"እሱን ስህተት እኔ ሠርቼ ጨርሼዋለሁ" ትላለች። "ለአንቺ አልተረፈም።"

ስህተቱ ምን እንደነበረ ልንገራችሁ፤ ነገሩ ወዲህ ነው።

የእትዬ ሜትር የመቁረጥ ሕግ አንድ ነው፤ ልጅ ያድጋል፣ ጨርቅ አያድግም። ስለዚህ ለልጅ ልብስ ስትቆርጥ ከወገብ ሁለት ጣት፣ ከእጅጌ ሁለት ጣት፣ ከታች ደግሞ አራት ጣት ትርፍ ትተዋለች። ትርፉ ወደ ውስጥ ይታጠፍና በላላ ስፌት ይያዛል። ልጁ ባደገ ቁጥር ስፌቱ ይፈታል፣ ልብሱ ይለቀቃል። ሌላው ሰፊ ከደንበኛው ጨርቅ ቆርጦ ያስቀራል እየተባለ ይታማል፤ እሷን በዚህ የሚያማ አልተፈጠረም። በየዓመቱ በሰፈሩ ያለው ትምህርት ቤት ከሦስት መቶ ለማያንሱ ልጆች ዩኒፎርም የሚያሰፋት ለዚህ ነው።

ልጇ ያን ጊዜ ስምንት ዓመቷ ነበር። ስትወለድ ምጡ ጠንቶ ቶሎ አላለቀሰችም፤ ከዚያ ወዲህ እጅና እግሯ የታዘዙትን አይሰሙም፣ ወገቧ አይጸናም፣ አንደበቷም አልተፈታም። ጭንቅላቷ ግን ምላጭ ነው። ቤተሰቡ ዳኛዋ ይላታል። ሁለቱንም ወገን ዝም ብላ ታዳምጥና ፍርዷን በዓይኗ ትሰጣለች፤ ወደ ጣሪያው ካየች "አዎ" ነው፣ ዓይኗን ጭፍን ካደረገች "አይደለም" ነው። ይግባኝ የለውም። አባቷ የአውቶቡስ ሾፌር ነው። ከእናቱ ጋር ሬዲዮው ይከፈት ይዘጋ እያሉ ሲነታረኩ ጉዳዩ ወደ ዳኛዋ ይቀርባል። ብዙውን ጊዜ የሚፈረድባቸው አያቷ ስለሆኑ "ይቺ ከአባቷ ጉቦ በልታለች" ይላሉ።

ዳኛዋ ስድስት ዓመት ሲሞላት እትዬ ሜትር ዩኒፎርም ሰፋችላት። ማንም አላዘዛትም። አማቷ ቀሚሱን ሲያዩ፣ ለማን ነው ይሄ፣ ልጅቷስ የት ልትሄድበት ነው ብለው ጠየቁ። ክፋት አልነበራቸውም። እሳቸው በሚያውቁት ዓለም እንዲህ ያለ ልጅ የሚወደደው በር ተዘግቶ ነው፤ ሰው እንዳይስቅባት፣ ሰው እንዳያዝንላት። እትዬ ሜትር አንገቷን ደፍታ ከታች አራት ጣት አጥፋ ሰፋችው። ሐኪሙ "ብዙ ተስፋ አታድርጊ" ብሏት ነበር፣ ጎረቤቱም ከንፈሩን እየመጠጠ ያንኑ ብሏታል። እሷ ሰው ፊት ባትናገረውም ለሁሉም የሰጠችው መልስ እዚያ እጥፋት ውስጥ ነበር።

ቀሚሱን አልብሳ፣ ልጇን አዝላ፣ ያንን ሦስት መቶ ልጅ የምታለብሰውን ትምህርት ቤት በር አንኳኳች። ርዕሰ መምህሩ ክፉ ሰው አይደለም። ክፉ ቢሆን ይሻል ነበር፣ ሰው ይጣላዋል። ፈገግ ብሎ የሚመልስ ሰው ነው። ለልጅቷ የሚሆን መቀመጫ የለንም፣ ሁኔታው አይመችም፣ ለሚቀጥለው ዓመት እናያለን አላት። ቀሚሷን ቀና ብሎ እንኳ አላየውም። በሰባት ዓመቷ ይዛት ሄደች፣ ያው ፈገግታ፣ ያው መልስ። በስምንት ዓመቷ ግን እትዬ ሜትር ከወንበሩ አልነሳም አለች። "እንቢ የሚለውን ይጻፉልኝና እሄዳለሁ" ብላ ቁጭ።

ሰውዬው እንቢ ብሎ መጻፍ ፈራ። ስለዚህ ዞር አድርጎ ጻፈው፤ ልጅቷ ማንም ሳይደግፋት አንድ ክፍለ ጊዜ ሙሉ፣ ማለትም አርባ ደቂቃ፣ ቀጥ ብላ መቀመጥ የምትችል ከሆነ ኮሚቴ አይቶ ይመዘግባታል። ፈረመበት፣ ማኅተም መታበት። ልጅቷ አርባ ሰኮንድ እንኳ ብቻዋን እንደማትቀመጥ በዓይኑ አይቷል፣ በሩን የዘጋ መስሎታል።

እትዬ ሜትር ደረጃው ላይ ቆማ ወረቀቱን ሁለት ጊዜ አነበበችው። ልቧ ዘለለ። ሁለት ዓመት ሙሉ "እናያለን" እየተባለች የኖረች ሴት ለመጀመሪያ ጊዜ ቁጥር ተሰጣት። ለሰፊ ቁጥሩን ስጧት እንጂ ሌላውን ለእሷ ተዉላት። ሞኝና ወረቀት የያዘውን አይለቅም ይባል የለ፣ ወረቀቱን አጥፋ ጡቷ ስር ከተተችው።

በሳምንት አንድ ቀን ዳኛዋን የምትወስድበት ክሊኒክ ውስጥ አንድ ወጣት ፊዚዮቴራፒስት አለ። የዚህ ልጅ ትዕግሥት ለሦስት ሰው ይበቃል። ወረቀቱን አየና አልሳቀም፣ አላዘነም፤ ሰው አይደግፋት ነው የሚለው፣ ወንበር አይደግፋት አይልም፤ ካርቶን ማግኘት ይችላሉ ወይ ነው ያለው፣ እሱም ቢሆን "እርስዎ" እያለ በአክብሮት። የካርቶን ንጣፍ በዱቄት ሙጫ እየተለጠፈ፣ አንዱ ቁም አንዱ አግድም እየሆነ ሲደራረብና ከባድ ነገር ሲጫነው እንደ እንጨት ይጠነክራል። ዳኛዋን የጠረጴዛው ጫፍ ላይ አስቀመጣት፣ እናቷን ከኋላ አስያዛትና ለካ፤ ከጀርባዋ እስከ ጉልበቷ መታጠፊያ፣ የዳሌዋን ስፋት፣ ከጉልበቷ እስከ ተረከዟ። ቁጥሩን ጽፎ ሰጣትና፣ ልክ በዚህ ይሁን፣ አንድ ጣት እንኳ እንዳያልፍ አላት። እትዬ ሜትር እሺ ልጄ አለች። እሺታዋ ከአንገት በላይ ነው። ሃያ ዓመት ልጅ ስትለካ የኖረችን ሴት ገና ፂም ያላበቀለ ልጅ ስለ ልክ ሊያስተምራት!

ቤቱ ካርቶን በካርቶን ሆነ። ሾፌሩ ባሏ ከየፌርማታው ሱቅ እየለመነ ያመጣል፤ የሳሙና ካርቶን፣ የብስኩት ካርቶን፣ አንድ ጊዜ የጫማ ካርቶን ቁልል በሾፌሩ ወንበር ሥር ሆኖ ተሳፋሪው ምን ሱቅ ልትከፍት ነው እያለ ቀለደበት። አማቷ ምድጃው አጠገብ ቁጭ ብለው ሙጫውን ያማስላሉ፣ እያማሰሉም ያማርራሉ። በዚህ ዕድሜዬ ለወረቀት ምግብ ልሥራ፣ ይላሉ። ሙጫው ሲጓጉል ግን የሚቆጡት እሳቸው ናቸው። የተለጠፈው ንጣፍ ጠፍጣፋ ሆኖ እንዲደርቅ ከፍራሽ ሥር ገባ፤ ባልና ሚስቱ ሦስት ቀን ሙሉ የልጃቸው ወንበር ላይ ተኙ።

ወንበሩ አለቀ። ውብ ወንበር ነበር፣ መካድ አይቻልም። ሰማያዊ ቀለም ተቀባ፣ ከፊቱ ጠረጴዛ ተገጠመለት፣ ወገቡ ላይ ከወፍራም ሸራ የተሰፋ ቀበቶ ነበረው። መቀመጫው ደግሞ ወጣቱ ከጻፈው ልክ ወደፊት በአራት ጣት፣ ግራና ቀኙ በሁለት በሁለት ጣት ይበልጥ ነበር። እንዲያድግባት።

በቀጠሮው ቀን ዳኛዋ በርዕሰ መምህሩ ቢሮ፣ በሱና በሁለት መምህራን ፊት ተቀመጠች። ግድግዳው ላይ ሰዓት አለ። አምስት ደቂቃ ያህል እንደ ንግሥት ቀጥ አለች፣ እትዬ ሜትርም በሆዷ እልልታውን ጀምራ ነበር። አሥረኛው ደቂቃ ላይ ዳሌዋ ወደፊት ተንሸራተተ። ከኋላዋ ባዶ ቦታ አለ፣ የሚይዛት ነገር የለም። ጀርባዋ ጎበጠ፣ ከዚያ ወደ ግራ ያ ሁለት ጣት ክፍተት ወዳለበት አጋደለች። አሥራ ሰባተኛው ደቂቃ ላይ አገጯ ጠረጴዛው ላይ አረፈ። እናቷ ልትደግፋት ብትነሳ ወረቀቱ "ማንም ሳይደግፋት" ይላል፤ እጇን ጭኗ ሥር ደብቃ ታያታለች።

ርዕሰ መምህሩ ጎንበስ ብሎ "ደከመሽ እንዴ?" አላት። ዳኛዋን አናግሯት ሲያውቅ ይህ የመጀመሪያው ነው። ዳኛዋ ዓይኗን ጭፍን አደረገች።

"አያችሁ፣ ደክሟታል" አለ ወደ መምህራኑ ዞሮ። "ዓይኗን ጨፈነች።"

እትዬ ሜትር አይደለም፣ አልደከመኝም ማለቷ ነው፣ ዓይን መጨፈን በእሷ ዘንድ እንቢታ ነው ብላ አስረዳች፣ ድምፅዋም ከፍ አለ። ሰውዬው ያንን ፈገግታውን አመጣ። "የእናት ዓይን እንዲህ ነው የሚያየው" አላት። "አልፈርድብዎትም።" ከዚህ ሁሉ ይልቅ በጥፊ ቢመታት ይሻላት ነበር። ልጇን በጀርባዋ፣ ወንበሩን በጭንቅላቷ አድርጋ በትምህርት ቤቱ ግቢ መሀል ወጣች።

ወደ ቤት አልሄደችም። በቀጥታ ክሊኒኩ ገብታ ወንበሩን የወጣቱ ጠረጴዛ ላይ ዘጭ አደረገችውና፣ ወንበርህ ልጄን ጥሏት መጣ አለችው። ወጣቱ አልተሟገተም። ሜትር አውጥቶ ወንበሩን ለካው፣ ደግሞ ለካው፣ ቀና ብሎም አያት።

"ይሄ አራት ጣት ከየት መጣ?"

"ልታድግ አይደለም እንዴ?"

"እርስዎ የሠሩት ወንበር ለመጪው ዓመት ልጅ ነው" አላት። "የዘንድሮዋ ልጅ የት ትቀመጥ?"

እትዬ ሜትር ያን ጊዜ የተናገረችውን ስታስታውሰው እስከ ዛሬ ታፍራለች። ገላጋይ እስኪመጣ ጮኸችበት። አንተም እንደነሱ ነህ፣ አታድግም ለማለት ነው፣ ለእሷ ትርፍ አይገባትም ለማለት ነው፣ አለችው፤ እንባዋም አልቀረላትም። ለሷ ያቺ አራት ጣት ካርቶን አልነበረችማ። ወጣቱ እስክትጨርስ ጠበቃት። ታድጋለች፣ አለ፤ ስታድግ ይሄን ጥለው ሌላ ይሠራሉ፣ በየዓመቱ ሌላ ይሠራሉ፣ ልብስ የሚሰቀለው ትከሻ ላይ ነው፣ ወንበር ግን ልጅቷን ራሷን መያዝ አለበት። ይህን ሲላት ነገሩ ገባት። የልጇን ወገብ አሥራ ሰባተኛው ደቂቃ ላይ የጣለው ርዕሰ መምህሩ አልነበረም። እሷው ራሷ ናት፣ በገዛ እጇ፣ በፍቅሯ፣ በሃያ ዓመት ሙያዋ። ልጇ አጠገብ ቁጭ አለች።

"ጥፋቱ የኔ ነው?" ብላ ጠየቀቻት።

ዳኛዋ ወደ ጣሪያው አየች። ይግባኝ የለውም።

ሁለተኛው ወንበር በስድስት ቀን አለቀ። በዚህኛው ላይ ትርፍ የሚባል ነገር የለም። ጀርባዋ ድጋፉን ይነካል፣ ዳሌዋ ግራና ቀኝ ይያዛል፣ እግሯ መርገጫው ላይ ያርፋል። አማቷ ዞር ዞር ብለው አዩትና፣ እንዲህ እየጠበባት አይደለም ወይ አሉ። ዳኛዋ ዓይኗን ጨፈነች። የመጀመሪያው ቀን ሩብ ሰዓት፣ በሳምንቱ ግማሽ ሰዓት፣ ከዚያ በኋላ ሰዓት የሚያይ አልነበረም፤ አያቷ ሬዲዮ እየሰሙ ይረሷታል።

እትዬ ሜትር ወረቀቷን ይዛ ተመለሰች። ርዕሰ መምህሩ፣ አንዴ ተሞክሮ የለም ወይ፣ ለሚቀጥለው ዓመት እናያለን አለ። እሷ ወረቀቱን ጠረጴዛው ላይ ዘርግታ፣ አንድ ጊዜ ብቻ ትሞክር የሚል የት ጋ ነው፣ ያሳዩኝ አለችው። አጥብቆ ፈለገ፣ የለም። እንዲያ ከሆነ ኮሚቴው ጊዜ የለውም፣ ምዝገባው ሊዘጋ ሲል፣ የዩኒፎርም ልኬቱ ሲያልቅ እናያለን አላት። ልኬቱ ሦስት ሳምንት ነው። በሦስት ሳምንት ትሰለቻለች ብሎ ነው። እትዬ ሜትርን አያውቃትም ማለት ነው።

ትምህርት ሲከፈት የልኬት ሥራው የሚሠራው እዚያው ግቢ ውስጥ፣ በአንደኛ ክፍል በረንዳ ላይ ነው፤ ልጆቹ በየክፍላቸው ተሰልፈው ይመጣሉ። በመጀመሪያው ቀን እትዬ ሜትር በእጅ የሚዞረውን መኪናዋን፣ ጠረጴዛዋንና ዳኛዋን ከነወንበሯ ይዛ ደረሰች። ዳኛዋን የአንደኛ ክፍል መስኮት ሥር አስቀመጠቻት፤ ከዚያ ሆና ጥቁር ሰሌዳው ወለል ብሎ ይታያታል። ርዕሰ መምህሩ መጥቶ ልጅቷን ቤት ቢተዉአት አይሻልም ወይ አለ። ረዳቴ ናት፣ አለችው፤ እሷ ከሌለች አልለካም።

ደግሞ እውነቷን ነው። የዳኛዋ እጅ አንዴ ከጨበጠ በቀላሉ አይለቅም። እትዬ ሜትር የሜትሩን ጫፍ እጇ ውስጥ ታስይዛታለች፣ ልጁ አጠገቧ ይቆማል፣ ሜትሩ ከእጇ ተስቦ ይለካል። የልጆቹ ሰልፍ ይህን ሲያይ እኔን ዳኛዋ ትያዝልኝ እያለ መጋፋት ጀመረ። ዓይኗ ምን እንደሚናገር የነገረቻቸው እናቷ ናት፣ አንድ ጊዜ ብቻ፤ ልጅ ሁለተኛ ጊዜ አይነገረውም። በሦስተኛው ቀን በዕረፍት ሰዓት ክስ ይዘው መጡ። እርሳሴን ወሰደ፣ አልወሰድኩም፣ ገፋኝ፣ አልገፋሁትም። ዳኛዋ ታያቸዋለች፣ ታዳምጣለች፣ ትፈርዳለች። የተፈረደበት ያኮርፋል እንጂ የሚከራከር የለም።

አንድ ቀን የክፍሉ መምህርት ልጆቹን ሰባትና ስድስት ሲደመር አሥራ ሁለት አይደለም ወይ ብላ ሆን ብላ አሳስታ ጠየቀቻቸው። ክፍሉ በአንድ ድምፅ አዎ አለ። መስኮቱ አጠገብ የምትቀመጠው ጥርሰ ፍንጭቷ ልጅ ግን ወደ ውጭ አየችና፣ መምህር፣ ዳኛዋ አይደለም አለች፣ ብላ ተናገረች። መምህርቷ መስኮቱ ጋ መጣች። አሥራ አራት? ዓይን ጭፍን። አሥራ ሦስት? ዓይን ወደ ላይ። በማግሥቱ ሰሌዳው ትንሽ ወደ መስኮቱ ዞሮ ነበር፣ የመስኮቱም መዝጊያ እስከ ጥግ ተከፍቶ ነበር።

ሦስተኛው ሳምንት አለቀ። ምዝገባው ሊዘጋ አንድ ቀን ቀረ። የመጨረሻው ልጅ ተለክቶ ሲሄድ ርዕሰ መምህሩ ከሁለቱ መምህራን ጋር በረንዳው ላይ መጣ፤ የእጅ ሰዓቱን ፈታና ዳኛዋ ፊት ጠረጴዛዋ ላይ አስቀመጠው። ዛሬ ካልሆነ ለሚቀጥለው ዓመት ነው። እትዬ ሜትር አሥር እርምጃ ርቃ እንድትቆም ታዘዘች፤ በምልክት እንዳትረዳት ነው። ቆመች። ሜትሯን በሁለት እጇ ጨብጣ፣ አንዲት ቃል ላትናገር ምላሷን ነክሳ። ባለፈው የእናት ዓይን ተብላለችና ዛሬ ማንም የሷን ቃል አይጠይቃት።

አሥር ደቂቃ። ዳኛዋ ቀጥ ብላለች። ሃያ ደቂቃ። አንደኛው የኮሚቴ አባል እግሩ ዝሎ ደረጃው ላይ ተቀመጠ። ሠላሳ ደቂቃ። ፀሐዩ ዞሮ ፊቷ ላይ ወጣባት፣ ግንባሯ ላብ አወጣ፣ አንገቷ ትንሽ ተንቀጠቀጠ። ሠላሳ አምስተኛው ደቂቃ ላይ ርዕሰ መምህሩ እንደዚያ ቀኑ ጎንበስ አለ።

"ደከመሽ?"

ዳኛዋ ዓይኗን ጭፍን አደረገች፣ አጥብቃ።

"ይኸው" አለ ሰውዬው፣ እጁንም ወደ ሰዓቱ ሰደደ። "ደክሟታል። ልጅ ማሰቃየት ነው ይሄ፣ ይብቃ።"

እትዬ ሜትር ምላሷ ደም ደም እስኪላት ነከሰች። ያኔ ከመስኮቱ ውስጥ ያቺ ጥርሰ ፍንጭት ልጅ ብድግ አለችና፣ አልደከመኝም ነው ያለችው፣ አለች። ከኋላዋ ያለውም ደገመው። ከዚያ አርባ ልጅ በአንድ አፍ፣ ግቢውን እስኪሞላ፤ "አልደከመኝም! አልደከመኝም ነው ያለችው!"

መምህርቷ ወደ በረንዳው ወጣች። ልጆቹን ዝም በሉ አላለችም። "ልጆቹ ልክ ናቸው ጋሼ" አለችው። "ሦስት ሳምንት ሙሉ ሰምቻታለሁ። ከፈለጉ ገልብጠው ይጠይቋት።"

ርዕሰ መምህሩ አንድ ጊዜ መስኮቱን፣ አንድ ጊዜ ኮሚቴውን አየ። ደረጃው ላይ የተቀመጠው መምህር ይጠይቋት እንጂ አለው። ጎንበስ አለ፣ ጉሮሮውን ጠረገ። "መቀመጥ ትፈልጊያለሽ?" አላት። ዳኛዋ ዓይኗን ከፍታ ወደ ሰማይ አየች፤ በረንዳው ጣሪያ ነበረው፣ እሷ ግን ከጣሪያው አልፋ ያየች ነው የምትመስለው። አርባ ደቂቃ ሞላ። አርባ አንድም ሞላ፤ ሰዓቱን ለማንሳት የደፈረ የለም።

ጉድና ጅራት ከወደኋላ ነው ይባላል። ሰውዬው መዝገቡን ከፈተ፣ እስክሪብቶውን አወጣ፣ ሊጽፍ ካለ በኋላ ቆመ። ያንን ፈገግታውን ከየት እንዳገኘው እንጃ፣ ደግሞ አመጣው። "አንድ ነገር ቀርቷል" አለ። "ደንባችን ነው፣ ተማሪ ያለ ዩኒፎርም አይመዘገብም። ዩኒፎርም የላትም።"

ይህን የተናገረው በዚያ ግቢ ያለውን ልጅ ሁሉ ላለበሰችው ሴት ነው። ደረጃው ላይ የተቀመጠው መምህር ሳቁን መያዝ አቅቶት ፊቱን አዞረ። እትዬ ሜትር ግን አልሳቀችም። አሥሩን እርምጃ ቀስ ብላ ተራመደችና የልጇን ጉልበት የሸፈነውን ነጠላ ጨርቅ ገፈፈችው፣ ከትከሻዋም ላይ ሹራቡን አወረደች። ሰማያዊ ቀሚስ፣ ነጭ ኮሌታ። ከታች ዳሩ ላይ ሁለት የታጠፈ ሰንበር ይታያል፤ ስፌቱ ተፈትቶ ቀሚሱ የተለቀቀበት፣ እጥበት ያላደበዘዘው ጠቆር ያለ ሰማያዊ።

ርዕሰ መምህሩ ሰንበሩን በጣቱ ነካው። ዕድሜ ልኩን በዩኒፎርም መሀል የኖረ ሰው ነው፣ ምን እንደሆነ አልጠፋውም።

"መቼ ነው የተሰፋው?" አለ፣ ድምፁ ዝቅ ብሎ።

"መጀመሪያ የመለሷት ዓመት" አለችው እትዬ ሜትር። "ሁለት ጊዜ ሲመልሷት ሁለት ጊዜ ለቅቄዋለሁ። ገና ሁለት ጣት ትርፍ አለው፤ ይጻፉ።"

ጻፈ።